ፊደል ሳይቆጥሩ በፊደል መሳል

ልጆቼ፣ ሰሞኑን ሜሪላንድ ያደገች አንዲት ወጣት ሰዓሊ ጻፈችልኝ። አማርኛ ትሰማለች፤ ማንበብ ግን አትችልም። «በፊደላችን ብስል የሰው ነገር እንደ መስረቅ አይሆንብኝም?» ትላለች። ቶሎ ልመልስላት ብዬ ተቀመጥኩ። ሐሳቤ ግን አያቴ ጋ ሄደ።

አያቴ ጎጃም ውስጥ ቁም ጸሐፊ፣ የብራና መጽሐፍ በእጃቸው የሚጽፉ ሰው ነበሩ። ግድግዳ ተደግፈው መሬት ላይ ይቀመጣሉ፤ ብራናውን ጉልበታቸው ላይ ያደርጋሉ። አጠገባቸው ሁለት ቀንድ መሬቱ ላይ ተተክሏል፤ በአንዱ ጥቁር፣ በሌላው ቀይ ቀለም። መስመሩን በወስፌ ያሰምራሉ፤ የመቃ ብዕራቸውን በካራ ይቀርጻሉ። እግዚአብሔር ወይም ማርያም የሚለው ስም ጋ ሲደርሱ ጥቁሩን አስቀምጠው ቀዩን ያነሳሉ። ያን ጊዜ እኛ ልጆቹ ትንፍሽ አንልም።

አዲስ አበባ ሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ስማር ለክረምት እሳቸው ጋ ሄድኩ። «እጅህ መልካም ነው። መስከረም እስኪጠባ አብረኸኝ ተቀመጥ፤ ቀለሙን አሳይሃለሁ» አሉኝ። ጥቁሩ ቀለም ከጥላሸትና ከተቆላ እህል ይበጠበጥና ለወራት ይብላላል። እሳቸው ደግሞ ቅጠል ይጨምሩበት ነበር። የምን ቅጠል እንደሆነ ዛሬም አላውቅም። ጓደኞቼ የዘይት ቀለም ገዝተው እየጠበቁኝ ነበርና ቶሎ ተመለስኩ። በዓመቱ አረፉ። ብዕራቸውን እንኳ ያስቀመጠልኝ ሰው አላገኘሁም። ይኼ እስካሁን ያንገበግበኛል።

ወደ ጥያቄው ልመለስ። በፊደል በመሳል የሚታወቀው ሰዓሊ ወሰኔ ወርቄ ኮስሮፍ እ.ኤ.አ. በ1950 አዲስ አበባ ተወለደ። እዚያው ሥነ ጥበብ ተምሮ በ1972 ተመረቀ። ዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ከሰዓሊው እስክንድር ቦጎሲያን እግር ሥር ተማረ፤ በ1980 ማስተርሱን ያዘ። እስክንድር ራሱ ለንደንና ፓሪስ ኖሮ፣ አገሩ ተመልሶ አስተምሮ፣ እንደገና የወጣ ሰው ነው። ወሰኔ በስደት ምድር ሥዕሉን ፊደል ላይ አቆመ። ፊደሉን ይለጥጠዋል፣ ይገለብጠዋል፣ ይቆራርጠዋል። ጃዝ ይወዳል፤ ፊደሎቹም ሲጨፍሩ ታያላችሁ። እኔ ከቁም ጸሐፊ ቤት የወጣሁት ሰው ሥዕሉ ላይ አንድ ሙሉ ቃል ማንበብ አቃተኝ። ልጄ፣ እዚያ ሥዕል ፊት እኔና አንቺ እኩል ነን። ስለዚህ ማንንም አልሰረቅሽም፤ መሳልሽን ቀጥይ።

ይህን ብዬም ፊደሉን ተማሪ እላለሁ። ይጋጫል፤ ይጋጭ። ወሰኔ ፊደሉን እንደዚያ መሰባበር የቻለው እጁ ከልጅነቱ ስለሚያውቀው ነው።

በዛሬ ልጆች አንድ ነገር ቅር ይለኛል። ቀለሙ ሳይደርቅ መግለጫው ኢንስታግራም ላይ ይወጣል። «ማንነት»፣ «ትዝታ»፣ «ባይተዋርነት» ይላል፤ ሥዕሉ ውስጥ ግን የማንም አያት የለችም። በድፍረት ደግሞ ትበልጡናላችሁ። እኛ አስተማሪያችን ያላሳየንን ነገር ለመንካት እንፈራ ነበር።

ልጄ፣ አጠገብሽ አክስት ወይ አያት አይጠፉም። «ማንነት ምንድን ነው?» እያልሽ አታስጨንቂያቸው። ፊደል የት እንደቆጠሩ፣ ማን እንዳስተማራቸው፣ ሲሳሳቱ በምን እንደተገረፉ ጠይቂያቸው። ፊደሉን በእጃቸው ይጻፉልሽ። ስልክሽን ክፈቺና ድምፃቸውን ቅጂ። ለበዓል ስንገናኝ አትበይ፤ በዚህ ሳምንት ሂጂ።