«እንግዳ» ሳይሆን ኢንግሪድ

የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ዕትም ከጅማ የደረሱንን አራት ደብዳቤዎች መርጠናል። ሦስቱ የሚጠይቁት ስለ አንድ የሴት ልጅ ስም ነው፤ አራተኛው ጠያቂ ሯጭ ያነሣ እንጂ ሳያውቀው የገባው እዚያው ስም ውስጥ ነው። ዓመቶቹን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ጽፈናል።

ጥያቄ፦ ልጄ ስዊድን፣ ጎተንበርግ ነው የምትኖረው። ሴት ልጅ ተገላግላ ስሟን ኢንግሪድ አለቻት። በስልክ ስትነግረኝ «እንግዳ» ያለች መስሎኝ ደስ ብሎኝ ነበር፤ የፈረንጅ ስም መሆኑን የሰማሁት ኋላ ነው። ጎረቤቶቼ እስከ ዛሬ «እንግዳ እንዴት ናት?» ይሉኛል። ትርጉሙን ስጠይቅ አንዱ ዘመዴ «የጀግና ልጅ» አለኝ፣ ሁለተኛው «ሰላም» አለኝ፣ ሦስተኛው የጣዖት ስም ነው ብሎ አስደነገጠኝ። የቱን ልመን? ክርስትና እንዳትነሣስ ያግዳታል?
የሕፃኗ አያት፣ ከሂርማታ

መልስ፦ እናታችን፣ እንኳን ልጅዎን ማርያም ማረችልዎ። ከሦስቱ ዘመዶችዎ ወደ እውነቱ የቀረቡት ያስደነገጡዎት ናቸው። ግን እሳቸውም የያዙት ግማሹን ነው።

ኢንግሪድ ከሁለት ቃል የተጋጠመ ስም ነው። ከዛሬዎቹ የስዊድን፣ የኖርዌይ፣ የዴንማርክና የአይስላንድ ቋንቋዎች በፊት የነበረው እናት ቋንቋ ጥንታዊ ኖርስ ይባላል። በዚያ ቋንቋ የስሙ የፊተኛው ክፍል «ኢንግ» ወይም «ኢንግቪ» ሲሆን፣ ክርስትና ከመግባቱ በፊት ዝናብ፣ ፀሐይ፣ መልካም አዝመራና ሰላም ይለመን የነበረው የጣዖቱ የፍሬይር ሌላ ስም ነው። የጥንት የስዊድን ነገሥታት ዘራቸውን ወደ እሱ ይቆጥሩ ነበር። («ፍሬይር» ከእኛ «ፍሬ» ጋር መመሳሰሉ ግጥምጥሞሽ ነው፤ በእነሱ ቋንቋ «ጌታ» ማለት ነው።) የኋለኛው ክፍል «ፍሪድር» ነው፤ ውብ፣ ያማረች፣ የተወደደች እንደ ማለት። ሁለቱ ሲጋጠሙ መካከል ላይ የነበረው «ፍ» ተዋጠና «ሪድ» ቀረ። አስትሪድና ሲግሪድም የወጡት በዚሁ መንገድ ነው፤ አስትሪድ ከ«አምላክ»ና ከ«ውብ»፣ ሲግሪድ ከ«ድል»ና ከ«ውብ»።

«ሰላም» ያሉት ዘመድዎ የተሳሳቱበት ምክንያት ግልጽ ነው። በዛሬው ስዊድንኛ «ፍሪድ» ሰላም ማለት ስለሆነ፣ ስዊድናውያን ራሳቸውም በዚህ ይሳሳታሉ። አይስላንድኛ ግን የጥንቱን ቃል ስለጠበቀ እዚያ «ፍሪዱር» ዛሬም ውብ ነው። «የጀግና ልጅ» የሚለው ከአንዱ የስም ዝርዝር ወደ ሌላው ሲገለበጥ የኖረ ነው፤ በስሙ ውስጥ ጀግናም ልጅም የሚል ቃል የለም። አራተኛ ትርጉምም አለ፤ ኋለኛውን ክፍል «መጋለብ» ከሚለው ግስ አምጥቶ «የኢንግ ፈረስ ጋላቢ» የሚል። ንጉሡን አባ ጅፋርን በፈረስ ስሙ ለሚያውቅ የጅማ ሰው ይህኛው ሊጥም ይችላል። ሆኖም ያው መጨረሻ በአስትሪድም በሲግሪድም ስላለ የስም አጥኚዎች «ውብ»ን ይመርጣሉ፤ እኛም እንደዚያው።

አንድ ነገር ግን ልብ ይበሉ። የእኛ ኃይለማርያም ወይም ወለተሥላሴ ሲነበብ ሐሳቡ ሙሉ ነው፤ የማን ኃይል፣ የማን ልጅ እንደሆነ ይናገራል። የኖርስ ስም ሁልጊዜ እንዲህ አይደለም። ወላጆች አንዱን ቁራጭ ከአባት ወገን፣ ሌላውን ከእናት ወገን ስም አንሥተው ያጋጥሙ ነበር፤ ስሙ ዘመድን ያስታውስ እንጂ ዓረፍተ ነገር ይሁን አልተባለም። ስለዚህ «የኢንግ ውብ» ብሎ መፍታት ይቻላል፤ መልእክት አለው ብሎ መተንተን ግን አያዋጣም። በአማርኛ አቻ ካስፈለገዎ፣ ውበትንና አዝመራን በአንድ ቃል የያዘ ስም እኛም አለን፦ ውብእሸት። ብዙ ጊዜ ለወንድ ይወጣል እንጂ ከዚህ የቀረበ አላገኘንም።

ወደ ክርስትናው እንምጣ። አገሮቹ ከ1000 ገደማ ጀምሮ ክርስትናን ሲቀበሉ ስሙን አልጣሉትም። በስዊድን የሼኒንገዋ ኢንግሪድ በ1281 የሴቶች ገዳም ያቋቋመች መነኩሲት ነበረች፤ በ1282 ስታርፍ አገሬው እንደ ቅድስት አከበራት። ከእሷም በፊት በ12ኛው መቶ ዘመን በኖርዌይ ኢንግሪድ የተባለች ንግሥት ነበረች። በቅርቡ ዘመን ደግሞ ከስዊድን ተድራ የዴንማርክ ንግሥት የሆነችው ኢንግሪድ (1910 እስከ 2000)፣ ስቶክሆልም የተወለደችው የፊልም ተዋናይ ኢንግሪድ በርግማን (1915 እስከ 1982)፣ በ2004 የተወለደችው የኖርዌይ ልዕልት ኢንግሪድ አሌክሳንድራ አሉ። ስሙ በ1910ዎቹና በ1920ዎቹ እጅግ የተለመደ ነበር፤ ቀጥሎ «የአሮጊት ስም» ተብሎ ተተወ፤ አሁን የልጅ ልጆቹ መልሰው አነሡት። ልጅዎ ስሙን ስታወጣ ፍሬይርን አስባ እንዳልሆነ እርግጠኛ መሆን ይችላሉ።

በእኛ ቤተ ክርስቲያን ሴት ልጅ በ80 ቀኗ ክርስትና ስትነሣ ካህኑ የክርስትና ስም ይሰጧታል። ኢንግሪድ የዓለም ስሟ ሆኖ ይቆያል፤ አያግዳትም። ተመሳሳይ ጥያቄ ላለባቸው ሙስሊም አንባቢዎች፦ በስሙ ውስጥ «የኢንግ ባሪያ» የሚል ቃል የለም፤ ሼኻችሁ የሚጠይቋችሁ ይህንኑ ነውና እንዲህ ብላችሁ አስረዷቸው፣ ውሳኔው የእሳቸው ነው። ጀሚላን («ውብ» ማለት ነው) በሁለተኛ ስምነት ለሚጨምር የትርጉሙ ግማሽ እዚያ አለ።

ጥያቄ፦ የወንድሜ ሚስት ኦስሎ ተወልዳ ያደገች ናት። ልጃቸውን «ኢንግሪ» ትላታለች፤ ወረቀቷ ላይ ግን መጨረሻው «ድ» አለው። ለእረፍት ጅማ ሲመጡ ምን ብለን እንጥራት?
አክስት፣ ከጅሬን

መልስ፦ እናቷ እንደምትጠራት። በኖርዌይ የመጨረሻው «ድ» ይጻፋል እንጂ አይነበብም፤ አስትሪድም እዚያ «አስትሪ» ነው። ስዊድን ቢሆን «ድ» ይሰማ ነበር።

የሚያስቸግረው መካከሉ ነው። እኛ «ንግ»ን በሁለት ድምፅ እንጠራለን፤ እነሱ ዘንድ አንድ ነው። ድምፁን ግን አፍዎ ያውቀዋል። «እንግዳ» በሉና «ግ» ላይ ሳይደርሱ ያቁሙ፤ የምላስዎ ጫፍ ጥርስ አይነካም፣ የምላስዎ ጀርባ ላንቃ ላይ ተለጥፏል፣ ድምፁ በአፍንጫ ይወጣል። አፍንጫዎን ቢይዙ ይታፈናል፤ ያኔ ልክ ነዎት። ከዚያ «ግ»ን ሳያፈነዱ በቀጥታ ወደ «ሪ» ይሂዱ። (የሂርማታዋ አያት ጎረቤቶች ሳያውቁት ሲለማመዱ ከርመዋል ማለት ነው።)

ቀጥሎ ርዝመቱ። ስሙ ሁለት ክፍል ብቻ ነው፣ ጉልበቱም በፊተኛው ላይ ነው። የእኛ ምላስ ሦስት ተነባቢ ሲደራረብበት በመካከል ትንፋሽ ይጨምርና ኢን፣ ግ፣ ሪድ ብሎ ሦስት ያደርገዋል። በአፋን ኦሮሞ ደግሞ ሦስት ተነባቢ አይገጥምምና «ኢንጊሪድ» ሊሆን ይችላል። ልጅቷ ብትስቅ አይቀየሟት። ማልሞ አካባቢ ያደገ ዘመድ ካላችሁ ደግሞ «ሪ»ን ከጉሮሮ ሲያወጣው ትሰማላችሁ፤ ዓረብኛ የቀራ ሰው ከ«ገይን» ጋር ያዛምደዋል።

ስዊድናውያን ሲያቆላምጡ «ኒኒ» ይላሉ። በስዊድን የቀን መቁጠሪያ ብዙዎቹ የታወቁ ስሞች የራሳቸው ቀን አላቸው፤ የኢንግሪድ ኦክቶበር 9 ነው። በእኛ መስከረም 29 ይውላል፣ ጳጉሜን 6 በሆነችበት ዓመት ማግስት መስከረም 28። ቡና ተፈልቶ፣ ኬክ ተቆርሶ የሚያልፍ ትንሽ በዓል ነው፤ ስልክ መደወል ይበቃል።

ጥያቄ፦ ባለቤቴ ስቶክሆልም ናት፣ መውለጃዋ ደርሷል። ሴት ከሆነች ኢንግሪድ ልንላት ተስማምተናል። እኔ ለጊዜው ጅማ ነኝ። ስሟ በስዊድን ወረቀትና በእኛ ወረቀት እንዳይለያይ ምን እናድርግ? የአባት ስምስ?
አባት ለመሆን የተቃረበ፣ ከመንደራ

መልስ፦ ራስ ምታቱ የሚመጣው ከኢንግሪድ አይደለም፣ ከእሷ ኋላ ከሚጻፈው ነው።

በስዊድን ስሙ ልጅ በተወለደ በ3 ወር ውስጥ ለግብር መሥሪያ ቤቱ መነገር አለበት፤ ሕዝብ መዝገቡም እዚያው ነው። (ዘመዶቻችሁ ኖርዌይ ወይም ዴንማርክ ካሉ ጊዜው 6 ወር ነው።) አሁን የሚሠራው የስም ሕግ ከጁላይ 1 ቀን 2017 ጀምሮ የጸና ነው። የወላጆች የቤተሰብ ስም የተለያየ ሆኖ በ3 ወር ውስጥ ምርጫቸውን ካላስታወቁ ልጁ በቀጥታ የወለደችውን እናት የቤተሰብ ስም ይይዛል።

እዚህ ላይ ነው የሐበሻ ቤተሰብ የሚደነቃቀፈው። በእኛ ፓስፖርት በቤተሰብ ስም ቦታ ብዙ ጊዜ የሚገባው የአያት ስም ነው። እንበልና ባለቤትዎ ሀና፣ አባቷ ታደሰ፣ አያቷ ወልዴ ቢሆኑ፣ የስዊድን መዝገብ የሚያውቃት ሀና ወልዴ ብሎ ነው። ቀኑ ካለፈ ሕፃኗ «ኢንግሪድ ወልዴ» ትባላለች፤ በእናቷ በኩል ባለ ቅድመ አያት ስም። እርስዎም ከወረቀቱ ጠፉ፣ ታደሰም ጠፉ።

ምርጫው ይህ ነው። ከሁለታችሁ የአንዳችሁን የቤተሰብ ስም መስጠት ይቻላል፤ የእርስዎም ቢሆን በፓስፖርትዎ የተያዘው የአያትዎ ስም መሆኑን አይርሱ። ከ2017 ወዲህ የሁለታችሁንም አጣምሮ መስጠት ተፈቅዷል። ሦስተኛው መንገድ የአባት (ወይም የእናት) መጠሪያ ላይ «ዶተር»፣ ማለትም «ሴት ልጅ»፣ ጨምሮ መመዝገብ ነው። ትርጉሙ ከእኛ ልማድ ጋር ይስማማል፤ ለጆሮ ግን «ከበደዶተር» ትንሽ ይከብዳል። እኛ ብንሆን የሁለቱን አጣምሮ መያዝን እንመርጣለን፤ ኋላ ድንበር ላይ «ይህች ልጅ የማን ናት?» ለሚል ጥያቄ ወረቀቱ ራሱ መልስ ይሆናል።

አገርኛ ስም ሊጨምሩላት ካሰቡ ሁለቱንም በመጠሪያ ስም ቦታ ያስመዝግቡና የትኛው ዋና መጠሪያ እንደሆነ በግልጽ ያመልክቱ፤ ስዊድናውያን ይህን «ቲልታልስናምን» ይሉታል።

በእኛ በኩል፣ በአዋጅ ቁጥር 760/2004 (ይህ ዓመት የእኛው ነው) ልደት በ90 ቀን ውስጥ ይመዘገባል፤ ለውጭ አገር ልደት በሩ ኤምባሲው ነው። 3 ወርና 90 ቀን ተቀራራቢ ናቸውና ሁለቱን በአንድ ሳምንት ይጨርሱ። በፊደላችን «ኢንግሪድ» ብለው ይወስኑ፤ አንዱ ወረቀት ላይ በ«ኢ»፣ ሌላው ላይ በ«እ» ከተጻፈ ሁለት ሰው ትሆናለች። ጅማ ውስጥ ወረቀት ሲያወጡ ቢሮው የሚሠራው በቁቤ ነው፤ ጸሐፊው እንደሰማው ከጻፈ አናባቢውን ሊደርበው ወይም በመካከል አንድ ፊደል ሊጨምርበት ይችላል። ስሙን በቃል አይንገሩት። የስዊድኑን ወረቀት ጠረጴዛው ላይ ያኑሩለትና ስድስቱን የላቲን ፊደሎች አንድ በአንድ ይገልብጥ፤ ማኅተም ከማረፉ በፊት እርስዎም በጣትዎ እየቆጠሩ ያንብቡት።

ጥያቄ፦ የኖርዌዩ ሯጭ ያኮብ ኢንገብሪግትሰን ስሙ ለምን እንዲህ ረዘመ? ትርጉም አለው?
ተማሪ፣ ከቦሳ ቂጦ

መልስ፦ አለው፤ ከላይ ያነበብከው «ኢንግ» እዚህም አለ። ኢንገብሪግት የወንድ ስም ነው፣ ኋለኛው ክፍሉ «ብሩህ» ማለት ነው። «ሰን» ደግሞ ወንድ ልጅ። ሲጠራ «ግ» ወደ «ክ» ስለሚጠጋ «ኢንገብሪክትሰን» ብትል ትቀርባለህ።

በ2021 ቶኪዮ ላይ በ1,500፣ በ2024 ፓሪስ ላይ በ5,000 ሜትር ኦሊምፒክ ወርቅ የወሰደው ያኮብ ግን ኢንገብሪግት የሚባል አባት የለውም። አንድ ቀደምት አያት ነው ኢንገብሪግት የነበረው። ኖርዌይ በ1923 እያንዳንዱ ቤተሰብ ቋሚ ስም ይያዝ ብላ እስክትደነግግ ድረስ ገበሬው እንደ እኛው በአባቱ ስም ይጠራ ነበር፤ ሕጉ ሲመጣ በጊዜው የነበረው የአባት ስም በዚያው ረግቶ ቀረ። ስዊድን ይህን ያደረገችው በ1901 ነው። አይስላንድ ግን ልማዱን አልለቀቀችም፤ ዛሬም ልጅ በአባቱ ወይም በእናቱ ስም ይጠራል፣ የስልክ ማውጫውም የሚደረደረው እንደ እኛ በራስ ስም ነው።