ጥያቄና መልስ፦ ከአክንባሎ እስከ ጤፍ፣ ፈጠራው የማን ነው?

ሰሞኑን የደረሱኝ ደብዳቤዎች ብዙዎቹ የፈጠራ ባለቤትነትን የሚመለከቱ ናቸው። ጥቂቶቹን ልመልስ።

"አሪፍ ሀሳብ አለኝ። ሳልሰረቅ ሀሳቡን ላስመዝግብ?"

ሀሳብ ብቻውን አይመዘገብም። ሌላ ባለሙያ አንብቦ ሊሠራው እስኪችል ድረስ በዝርዝር ጻፈው።

ብየዳ ቤት ያለው አንባቢ በእግር ሲረግጡት የሚነሳ አክንባሎ ሠርቷል። የጋጋሪዋን እጅ እንፋሎት አያቃጥላትም። መሸጥ ከጀመረ ዓመት ሳይሞላ ሁለት ጎረቤቶቹ ኮርጀው በረከሰ ዋጋ ያቀርባሉ። "ፓተንት ላውጣ?" ይላል።

ወንድሜ፣ ንዴትህ ይገባኛል። ስፕሪንጉ የት መቀመጥ እንዳለበት እስክታውቅ ድረስ ብዙ ብረት አበላሽተሃል። ጎረቤትህ ግን አንዱን ገዝቶ ፈታው፣ ለካው፣ ቆረጠ፣ በየደ። የረከሰለት ለዚህ ነው። ሕጉ ለፈጣሪ ፈጠራውን ብቻውን የሚሠራበትና የሚሸጥበት የተወሰነ ጊዜ፣ ማለትም ፓተንት፣ የሚሰጠውም ይህን ወጪ እንዲያካክስ ነው። ላንተ የሚስማማው ግን ፓተንት ሳይሆን የግልጋሎት ሞዴል ይመስለኛል። ለአነስተኛ ፈጠራ የሚሰጥ ነው፤ 5 ዓመት ያገለግላል፣ ለሌላ 5 ዓመት ይታደሳል። ችግሩ፣ ሕጉ አዲስ ነገር ይፈልጋል፤ አንተ ደግሞ ገበያ አውጥተኸዋል። ስለዚህ የመጀመሪያውን ሽያጭ ደረሰኝ ይዘህ፣ ነገ ዛሬ ሳትል አእምሯዊ ንብረት ባለሥልጣን ሂድ። መሸጥ የጀመርክበት ቀን ወሳኝ ነው። እኔን ሳይሆን እነሱን ስማ።

"ጤፋችን ላይ ፈረንጅ ፓተንት አወጣ የሚባለው እውነት ነው? ተመለሰልን ወይ?"

እውነት ነው። ግን ፓተንቱ በተክሉ ላይ ሳይሆን በዱቄቱ አዘገጃጀት ላይ ነበር። ጤፉ ከታጨደ በኋላ ቆየት ብሎ ቢፈጭ ለመጋገር ይመቻል የሚል ነው አንዱ ነጥቡ። አንድ የኔዘርላንድስ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2003 አመለከተ። በ2005 ከትርፉ ሊያካፍል ከኢትዮጵያ የመንግሥት ተቋማት ጋር ተፈራረመ። በ2009 ከሰረ። ፓተንቱ ወደ ሌላ ኩባንያ ተዛወረ፤ ስምምነቱ ግን ከከሰረው ጋር ቀረ። ኢትዮጵያ ያገኘችው ጥቂት ሺህ ዩሮ ብቻ ነው።

በ2018 መጨረሻ ሄግ ያለው ፍርድ ቤት የፈጠራ ብልሃት የለበትም ብሎ የኔዘርላንዱን ፓተንት ሰረዘው። ተከራክሮ ያሰረዘው ማን ነው? እኛ አይደለንም። የፓተንቱ ባለቤት የከሰሰው የዳቦ ግብዓት አምራች ነው።

እኔን የሚከነክነኝ ይሄ ነው። ፓተንት ለማፍረስ ጠበቃና ባለሙያ ያስፈልጋል። ወጪውን አንዱ ይከፍላል፤ ሲፈርስ ግን ሁሉም ይጠቀማል። ስለዚህ እያንዳንዱ ሌላው እስኪከፍል ይጠብቃል፤ የማይገባው ፓተንትም ዓመታት ይኖራል። ይህን ወጪ የአድአ ገበሬ ሊችለው አይችልም። እንደ ድልድይ የጋራ ወጪ ነው፤ መንግሥት ነው መክፈል ያለበት።

በቡናው ተችሏል እኮ። ኢትዮጵያ በ2005 ይርጋጨፌ፣ ሲዳሞና ሐረር የሚሉትን ስሞች አሜሪካ ውስጥ በንግድ ምልክትነት ለማስመዝገብ አመለከተች። የአሜሪካ የቡና ነጋዴዎች ማኅበር ተቃወመ። እሷ ግን ገፋችበት፤ በ2007 ከአሜሪካው የቡና ኩባንያ ከስታርባክስ ጋር በስሞቹ አጠቃቀም ላይ ተፈራረመች። ያ ትጋት ለጤፍ ለምን እንዳልዋለ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

"ፓተንት ባይኖር ማን ይለፋል?"

በሽልማት የሚለፋ አለ። የእንግሊዝ ፓርላማ በ1714 መርከብ ባሕር ላይ ሆኖ ኬንትሮሱን፣ ማለትም ወደ ምሥራቅ ወይም ወደ ምዕራብ ምን ያህል እንደራቀ፣ የሚያውቅበትን ዘዴ ላገኘ እስከ 20,000 ፓውንድ ሊሸልም ወሰነ። ኬንትሮስ የሚሰላው በሰዓት ልዩነት ስለሆነ፣ አናጢው ጆን ሃሪሰን በማዕበል መሀል ጊዜ የማይስት ሰዓት ሠራ። የሽልማት ጥሩነቱ፣ ከተከፈለ በኋላ ግኝቱ የሁሉም መሆኑ ነው። ክፋቱ ከፋዩ ማጓተቱ ነው፤ ሃሪሰን 80 ዓመት እስኪሆነው ተሟግቷል።

አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ከተማ ምግብ ቤት የምትከፍት እህት፦ "ስሙን አዲስ አበባ አስመዝግቤዋለሁ፤ አይበቃም?"

አይበቃም። የንግድ ምልክት በተመዘገበበት አገር ነው የሚሠራው። እዚያው ጠበቃ ጠይቂ።

የማሽኗን ሙሉ ንድፍ ልካ "እስቲ እየው" ላለችኝ

አላየሁትም። ፋይሉን ሳልከፍት አጥፍቼዋለሁ። እባክሽ ማመልከቻሽን ሳታስገቢ ለማንም አትላኪ፤ ለእኔም፣ ለጓደኛም፣ ገንዘብ አለኝ ለሚልም። መጀመሪያ የፓተንት ባለሙያ ጋ ሂጂ። ካስገባሽ በኋላ ጻፊልኝ፤ ያኔ በደስታ አየዋለሁ።