መልስ፦ የወንዙ ድምፅ የአያትህን ንግግር ከዋጠው

የአያትህን ንግግርና የወንዙን ድምፅ በአንድ ቅጂ ለመያዝ አትሞክር፤ ለየብቻ ቅዳቸውና በኋላ አዋህዳቸው። «አያቴ ወንዝ ዳር ተቀምጠው ሲያወሩ ቀዳሁ፣ ሲከፈት ግን ሹሹታ ብቻ ነው» ያልከው የስልክህ ጥፋት አይደለም። የሚፈስ ውሃ ከወፍራም እስከ ቀጭን ያለውን ድምፅ ሁሉ ይሸፍናል። ጆሯችን ከዚያ መሀል የሰውን ድምፅ ለይቶ ይሰማል፤ ማይክ ግን አይለይም።

1. አያትህን ከውሃው 30 ሜትር ያህል አርቀህ፣ ከትልቅ ቋጥኝ ወይም ከጉብታ ጀርባ አስቀምጣቸው። ቤት አትውሰዳቸው፤ ወንዙ በጆሯቸው እየገባ ሲያወሩ ትዝታው ይመጣላቸዋል።

2. ማይኩን ከአፋቸው 15–20 ሴንቲ ሜትር፣ ትንሽ ወደ ጎን አድርገው። ፊት ለፊት ከሆነ ትንፋሽ ይመታዋል።

3. ወንዙን ብቻውን ቢያንስ 3 ደቂቃ ቅዳ። ውሃው በድንጋዮች መሀል ወደሚንቆረቆርበት ቦታ እስከ 1 ሜትር ቅረብ፤ ከሩቅ ሲቀዳ መንቆርቆሩ ጠፍቶ ሹሹታው ብቻ ይቀራል። የስልኩን ረብሻ ማጥፊያ ዝጋው፤ ወጥ ድምፅን እንደ ረብሻ ቆጥሮ ወንዙን ይቆራርጠዋል።

4. ስታዋህድ ወንዙን ከንግግሩ 15 ዴሲቤል (የድምፅ ጉልበት መለኪያ) ያህል ዝቅ አድርገው።

የድሮውን ቅጂ በማጽጃ ፕሮግራም አብዝተህ ካጸዳኸው ሰ፣ ሸ እና ፈ ከሹሹታው ጋር አብረው ይጠፋሉ። ዋናውን ፋይል ግን በፍጹም አትሰርዝ፤ የእሳቸው ድምፅ ነው።

አንድ ጥንቃቄ፦ የጆሮ ማዳመጫ አድርገህ ብቻህን ውሃ ዳር አትቁም። ላይኛው አገር ዘንቦ ከሆነ፣ አንተ ያለህበት ፀሐይ ቢሆንም ደራሽ ጎርፍ ሊመጣ ይችላል። ድምፁ ወፍሮ ማጉረምረም ከጀመረ ወይም ውሃው ድንገት ከደፈረሰ፣ ዕቃህን ትተህ ወደ ከፍታ ውጣ።