ኪማችሁ ለምን ውሃ ይሆናል? ቻፓቲውስ ለምን ይደርቃል?

ባለፈው ዕትም ህንዶች ኪማ ስለሚሉት በቅመም የተሠራ የተፈጨ ሥጋና ስለ ቂጣቸው ስለ ቻፓቲ ጽፈን ነበር። ከጎጃም የመጣው ጥያቄ በዛብን። የአብዛኞቻችሁ ችግር ተመሳሳይ ስለሆነ መርጠን እንመልሳለን።

ጥያቄ (ከባሕር ዳር)፦ ሽንኩርቱን አቁላላሁ፣ ሥጋውን ጨመርኩ፣ ቅመሙንም እንዳላችሁት አደረግኩ። ሲያልቅ ግን ውሃ ለቆ ተኛ። ጣዕሙ ደግሞ ቁርጥ ምንቸት አብሽ! ምኑ ጋ ነው ያበላሸሁት?

መልስ፦ እህቴ፣ ምንቸት አብሽ ቢመስልሽ አይገርምም። ሁለቱም የተፈጨ ሥጋ ነው፤ እርዱም ዝንጅብሉም ነጭ ሽንኩርቱም በሁለቱም ውስጥ አለ። መንገዳቸው የሚለየው ገና ከሽንኩርቱ ነው። እኛ ሽንኩርቱን መጀመሪያ ያለ ዘይት፣ እንዳያር ውሃ ጠብ እያደረግን እናቁላላለን፤ እሱም ይልምና ወጡን ያወፍረዋል። ህንዶች ግን ዘይቱን ወይም ቅቤውን ቀድመው ያግሉና 1 የሻይ ማንኪያ ያልተፈጨ ከሙን ይበትኑበታል። ጠሽ ጠሽ ሲል ሁለት ራስ በደቃቁ የተከተፈ ሽንኩርት ይገባል። ውሃ የሚባል ነገር የለም። ዳር ዳሩ ቡናማ እስኪሆን 15 ደቂቃ ያህል ይፈጃል፤ አብዛኛው ሰው እዚህ ጋ ነው ትዕግሥቱ የሚያልቀው።

ቅቤሽስ? በኮረሪማና በኮሰረት የነጠረውን የጎጃም ቅቤ ጨምረሽ ከሆነ ጣዕሙ ወደ እኛ ወጥ ቢሄድ ምን ይገርማል። ህንዶች ቅቤያቸውን ሲያነጥሩ ቅመም አያስገቡበትም። ለጋ ቅቤ ባዶውን አንጥሪ፤ ከሌለ ዘይት ይበቃል።

ከዚያ ዝንጅብልና ነጭ ሽንኩርት፣ ቀጥሎ ግማሽ ኪሎ ሥጋ። ድስቱ ሰፊ ይሁን፣ እሳቱን ጨመር አድርጊ፣ እባክሽ አትክደኚው። ሥጋው ውሃውን መልቀቁ አይቀርም። ዝም ብለሽ እየበተንሽ አማስይ። ድምፁን አዳምጪ፤ መጀመሪያ ይንተከተካል፣ ውሃው ሲመጥ መንጨርጨር ይጀምራል። መንጨርጨሩን ሳትሰሚ ቅመም አታስገቢ። ያኔ 2 የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ድንብላል፣ ግማሽ እርድ፣ የተከተፈ ቃሪያና ሁለት ቲማቲም ትጨምሪያለሽ። ቲማቲሙ ሟሙቶ ዘይቱ ወደ ዳር ሲወጣ ሩብ ብርጭቆ ውሃ ጠብ አድርጊና በለስላሳ እሳት 15 ደቂቃ ተዪው። አሁን መክደን ትችያለሽ። መጨረሻ ላይ ጋራም ማሳላ (የህንዶች የተፈጨ ድብልቅ ቅመም)፣ የድንብላል ቅጠልና ሎሚ።

በርበሬ ግን አታድርጊ። እጅ እንደማይታዘዝ አውቃለሁ። የኛ በርበሬ ውስጥ ኮረሪማው፣ በሶብላው፣ ጤና አዳሙ፣ ነጭና ጥቁር አዝሙዱ ሁሉ ስላለ፣ አንድ ማንኪያ ከገባ ሌላው ቅመም ሁሉ ዋጋ የለውም።

አንድ ነገር ልጨምር፤ ኪማ ለብለብ የለውም። ሥጋ በማሽን ሲፈጭ ላይ ላዩን የነበረው ጀርም ውስጥ ድረስ ስለሚደባለቅ እስከ 71 ዲግሪ መብሰል አለበት።

ጥያቄ (ከደብረ ማርቆስ)፦ ጋራም ማሳላ እዚህ የለም። ከአዲስ አበባ ላስልክ? አተር የተጨመረበትንም ሞክሬ አተሩ አልበስል አለኝ።

መልስ፦ ምን በወጣሽ! ቅመሙ በሙሉ ገበያችሁ ላይ አለ። አንድ ጣት የሚያህል ቀረፋ፣ 6 ፍሬ ቅርንፉድ፣ 8 ፍሬ ሄል፣ 1 የሻይ ማንኪያ ቁንዶ በርበሬ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ከሙንና ያንኑ ያህል ድንብላል። በደረቅ መጥበሻ ሽታው እስኪወጣ ብቻ አመስ አድርጊና ሲበርድ ውቀጪው። ለግማሽ ኪሎ ሥጋ 1 የሻይ ማንኪያ ይበቃል፤ የተረፈው ጥብቅ ክዳን ባለው ብልቃጥ ይቀመጥ። ሄል ከጠፋ ኮረሪማ ይገባል፣ ግን ጠንካራ ነውና ከሁለት ፍሬ አታሳልፊ፤ ለኔ ያለ ሁለቱም ይሻለኛል።

ከሙን ስትገዢ ነጭ አዝሙድ እንዳይሰጡሽ ደግሞ ዓይንሽን ግለጪ። ከሙን ረዘም ያለ ነው። ነጭ አዝሙድ ደቃቅና ድቡልቡል ነው፤ በመዳፍሽ አሸት ስታደርጊው ጦስኝ ጦስኝ ይሸታል። ህንዶችም ነጭ አዝሙድን ያውቁታል፣ ግን ቂጣ ሊጥ ውስጥ ነው ብዙ ጊዜ የሚጨምሩት።

አተሩ የከፍታው ጣጣ ነው። ደብረ ማርቆስ ከባሕር ዳር በ600 ሜትር ያህል ከፍ ስለምትል ውሃ 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ይፈላል፤ እህልና ጥራጥሬ ይዘገያል። እሸቱን አተር ለብቻው ቀቅለሽ ቲማቲሙ ከሟሟ በኋላ ጨምሪው።

ጥያቄ (ከፍኖተ ሰላም)፦ ቻፓቲዬ አልነፋም አለ፣ ሲበርድ ደግሞ ደርቆ ይሰባበራል። ዱቄቱ ነው?

መልስ፦ ዱቄቱም ሊሆን ይችላል። ህንዶች ከነገለባው በጣም ልሞ የተፈጨ ስንዴ ነው የሚጠቀሙት። ወፍጮ ቤት ስታስፈጪ “አልመህ ፍጭልኝ” በይ፣ ከዚያ በወንፊት ንፊው። ፉርኖ ዱቄት ብቻ ከሆነ ደግሞ ሲበርድ ይጎተታል።

ይበልጥ የምጠረጥረው ግን ሊጡን ነው። ብዙ ሰው እጅ ላይ እንዳይጣበቅ ብሎ ያደርቀዋል። ለ2 ስኒ ዱቄት ቁንጥር ጨውና ሩብ ጎደል 1 ስኒ ለብ ያለ ውሃ ጀምሪ፣ ሊጡ ካልለሰለሰ ጠብ እያደረግሽ ጨምሪ። ትንሽ መጣበቁ ደግ ነው። 10 ደቂቃ እሺው፣ እርጥብ ጨርቅ አልብሰሽ ግማሽ ሰዓት አስቀምጪው። ያኔ ዱቄቱ ውሃውን ይጠጣና መጣበቁ ይቀራል፤ መዳመጫው ስር ስታስገቢውም ወደ ኋላ አይሰበሰብም። መዳመጫ ከሌለሽ ንጹሕ ጠርሙስ ይሠራል። ዳሩና መሀሉ እኩል ይሳሳ፤ አንድ ቦታ ከወፈረ ወይም ከተቀደደ አይነፋም፣ የሚነፋው ውስጡ የታፈነው እንፋሎት ስለሆነ።

ምጣዱ በደንብ ይጋል። የብረቱ ይሻላል፣ የሸክላውም ይሆናል ግን ጊዜ ይፈልጋል። በጎመን ዘር አታስሺው፣ አክንባሎም አትክደኚበት፤ እንጀራ አይደለም። ትንንሽ አረፋ ሲያወጣ ገልብጪው፣ ሌላኛው ፊት ጠቃጠቆ ሲይዝ መልሰሽ ገልብጪና በታጠፈ ጨርቅ ዳር ዳሩን ጫን ጫን አድርጊው። ፊኛ ሆኖ ይነሳል። አንዱ ከ2 ደቂቃ በላይ ምጣድ ላይ ከቆየ እሳትሽ ደካማ ነው፣ መድረቁም ከዚያ ነው። ሲወጣ ቅቤ ቀባ አድርገሽ በጨርቅ ጠቅልዪው፣ መሶብ ውስጥም ይቆያል።

ጥያቄ (ከባሕር ዳር)፦ ጎረቤቴ ዩኒቨርሲቲ የሚያስተምሩ ህንዳዊ ናቸው። ራት ልጠራቸው አስቤያለሁ። ኪማውን በበሬ ሥጋ ብሠራው ምን ይላሉ?

መልስ፦ ወንድሜ፣ በበሬማ አትጀምር። ብዙ ሂንዱዎች የከብት ሥጋ አይነኩም፣ አገራቸውም ላይ ኪማ በብዛት የሚሠራው ከፍየል ወይም ከበግ ነው። ጭራሽ ሥጋ፣ እንቁላልም ጭምር የማይበሉ አሉ። ሙስሊም ከሆኑ ደግሞ የአራጁ ነገር አለ። ስለዚህ ቀድመህ “ምን ይመገባሉ?” ብለህ ጠይቃቸው፣ ምንም ነውር የለውም። እኛንስ ዓርብ ቀን ጠርቶ ክትፎ የሚያቀርብልን ሰው አያሳቅቀንም? የፍየል ከሆነ ስታስፈጭ ትንሽ ስብ አስጨምርበት፣ ያለዚያ ይደርቃል።

ጥያቄ (ከዳንግላ)፦ ባለቤቴ “እንጀራ ካልሆነ አልጠግብም” ይላል። ኪማው በእንጀራ ይሄዳል?

መልስ፦ ይሄዳል፣ ምን ችግር አለው። ውሃውን ትንሽ ለቀቅ አድርጊለት።

ጥያቄ (ከቡሬ)፦ ለጾም የሚሆን አለው?

መልስ፦ ቻፓቲው ቅቤ ካልተቀባ ራሱ ጾም ነው። በሥጋው ፋንታ ድፍን ምስር ግማሽ ብስል አድርገሽ አጥልዪና ሥጋው በሚገባበት ሰዓት አስገቢው፤ ቅመሙ አይቀየርም። ክክ ምስር ግን አይሆንም፣ ይፈርስና ወጥ ሆኖ ቁጭ ይላል።