ከሩዲን ዘጠነኛው ምዕራፍ በፊት

እህቴ፣ «ሩዲንን እስከ ሰባተኛው ምዕራፍ ጨርሻለሁ፤ ባለ ብዙ ቫሪያብሉን በዚያው ልቀጥል ወይስ መጽሐፍ ልቀይር?» ብለሽ ጠይቀሻል። ሩዲን የምንለው የዋልተር ሩዲንን የአናሊሲስ መማሪያ፣ «ፕሪንሲፕልስ ኦፍ ማቴማቲካል አናሊሲስ»ን ነው። የአናሊሲስን ኮርስ ለዓመታት አስተምሬዋለሁና መልሴ ቀይሪ ነው።

እነዚያ ሰባት ምዕራፎች ለእኔ አቻ የላቸውም፤ የ1976ቱ ሦስተኛ እትም ዛሬም ከጠረጴዛዬ አይጠፋም። ባለ ብዙ ቫሪያብሉን የያዙት ዘጠነኛውና አሥረኛው ላይ ግን ፕሩፉ እጥር ምጥን እንዳለ ይቀጥላል፣ ምሳሌው ይሳሳል። በተለይ አሥረኛው ላይ ዲፈረንሻል ፎርም (በከርቭ ወይም በሰርፌስ ላይ ኢንተግራል የሚወሰድለት ነገር) ድንገት ይመጣል፤ ለምን እንዳስፈለገ ሳይገባቸው ትርጉሙን በቃላቸው የሚይዙ ጎበዝ ተማሪዎች ብዙ አይቻለሁ።

ከሁሉ በፊት አንድ ነገር ፈትሺ። ወረቀት አውጪና ይህችን ፈንክሽን ያዥ፦ ኤክስ ሲባዛ በዋይ፣ ለኤክስ ስኩዌርና ለዋይ ስኩዌር ድምር ሲካፈል፤ ኦሪጅን ላይ ዜሮ ትሁን። በሁለቱም አክሲሶች ላይ ዋጋዋ ዜሮ ስለሆነ ኦሪጅን ላይ ሁለቱም ፓርሻል ዴሪቬቲቮች (አንዱን ቫሪያብል ብቻ እያንቀሳቀሱ የሚወሰዱት) አሉ፣ ሁለቱም ዜሮ ናቸው። ኤክስና ዋይ እኩል በሆኑበት መስመር ስትመጪ ግን የቱንም ያህል ብትቀርቢ ዋጋዋ ከግማሽ ንቅንቅ አይልም። እንኳን ዲፈረንሺየብል ልትሆን ኮንቲኒዩስም አይደለችም! ፓርሻሎችን አውጥቶ ማትሪክስ ውስጥ መደርደር ብቻውን ዴሪቬቲቭ አይሆንም ማለት ነው። ዴሪቬቲቭ በነጥቡ አካባቢ ፈንክሽኑን የሚተካ ሊኒየር ትራንስፎርሜሽን ነው፤ የሚቀረው ስህተት ለርቀቱ ሲካፈል ወደ ዜሮ መሄድ አለበት። ፓርሻሎቹ በነጥቡ ዙሪያ ካሉና እዚያው ነጥብ ላይ ኮንቲኒዩስ ከሆኑ ስጋት የለም። ይህ ከከበደሽ ወደ ሊኒየር አልጀብራ ተመለሺ፤ የጎደለው እዚያ ነው።

ካልከበደሽ የመንክረስን «አናሊሲስ ኦን ማኒፎልድስ» ክፈቺ። በ1991 የወጣ ነው። ቼንጅ ኦፍ ቫሪያብልስን (ኢንተግራል ውስጥ ቫሪያብል መቀየርን) ራሱን የቻለ ምዕራፍ ሰጥቶ፣ ሌሎች በጥድፊያ የሚያልፉትን ፕሩፍ ደረጃ በደረጃ ይሠራዋል። ፎርሞቹን ከማኒፎልድ (ከርቭንና ሰርፌስን ወደ ብዙ ዳይሜንሽን ከሚያሰፋው ሐሳብ) በኋላ ስለሚያመጣቸው፣ በማኒፎልድ ላይ ያለን ኢንተግራል ከድንበሩ ኢንተግራል ጋር የሚያገናኘው ስቶክስ ቲዎረም ላይ ስትደርሺ ምን ለማለት እንደተፈለገ ታውቂያለሽ።

የስፒቫክ «ካልኩለስ ኦን ማኒፎልድስ» (1965) ከ150 ገጽ በታች ስለሆነ ብዙዎች ቀላል ይመስላቸዋል። ብዙው ቁም ነገር መልመጃዎቹ ውስጥ ነው፤ ከመንክረስ ጎን አስቀምጠሽ ምዕራፍ በጨረስሽ ቁጥር ጥያቄዎቹን ሥሪ። የአፖስቶል «ማቴማቲካል አናሊሲስ» ግሩም ነው፤ ግን የ1974ቱ ሁለተኛ እትም የላይንና የሰርፌስ ኢንተግራል ክፍሎችን አውጥቷቸዋል፤ ለስቶክስ ብለሽ እንዳትገዢው።

መንክረስን ካጣሽ ሩዲን ዘጠነኛው ላይ እስከ ኢምፕሊሲት ፈንክሽን ቲዎረም ሂጂ፤ እያንዳንዱን ቲዎረም በሁለት ቫሪያብል ምሳሌ በእጅሽ ሥሪው፤ አሥረኛውን ግን ለጊዜው ተይው።