«ጠጉር» ማለት የምላስ ጥፋት ነው?

ጥያቄ፦ የምንኖረው አሜሪካ ነው። ልጄ ከአያቷ እየሰማች «ጠጉር»፣ «ጦም» ትላለች። ምላስ የሚያጠላልፉ ዓረፍተ ነገሮች እያስደገምኩ «ጸ»ን ላስተካክልላት?

መልስ፦ ማስደገሙን ያስደግሟት። «ጠጉር»ን ግን ይተዉላት።

«ጸ»ን «ጠ» ማለት የምላስ ስንፍና ነው የሚሉ አሉ። በፍጹም አልስማማም። የግዕዙ «ጸልአ» አማርኛ ላይ «ጠላ» ሆኗል። «ፅርስ»ም «ጥርስ» ሆኗል። (በግዕዝ መንጋጋ ማለት ነው፤ ዓረቦችም «ዲርስ» ይሉታል። ፀሐዩ «ፀ» ድሮ ከጸሎቱ «ጸ» የተለየ ድምፅ እንደነበረው አንዱ ምስክር ይኸው ነው።) ዛሬ «ጸላሁት» የሚል አማርኛ ተናጋሪ የለም። እነዚህን አሜን ብለን ተቀብለን አያቷን የምናርመው በምን ሒሳብ ነው?

መቼም «ጠሐይ» ሲባል ጆሮዬ አይወደውም። ሕግ አልጠቅስልዎትም፤ አይጥመኝም፣ አለቀ። ከተማው ደግሞ «ፀጉር» ማለቱን መርጧል። የፀጉር ቤቱ ሁሉ ማስታወቂያ በፀሐዩ «ፀ» ተጽፏል። የግዕዙ «ጸጕር» በጸሎቱ «ጸ» ነው! ግን ሰው ለምዶታል፤ ምን ይደረግ።

ልምምዱ የሚጠቅመው ሌላ ቦታ ነው። እንግሊዝኛ እየሰማ ያደገ ልጅ «ቁልፉ ጠፋ» ሊል ፈልጎ «ቁልፉ ተፋ» ይላል። እጇን አፏ ፊት ታድርግና ትሞክረው። በእንግሊዝኛው «ቲ» ትንፋሿ መዳፏን ይነካዋል። «ጠ» ስትል ግን ጉሮሮዋ ይዘጋል፤ ከላይ የታፈነችው ጥቂት አየር ብቻ ናት የምትፈነዳው። «የጠፋው ጥጥ ጥጉ ጋ ተጥሏል» ብላ ትደጋግም።

ከዚህም የባሰው ጣጣ ማጥበቅና ማላላት ነው። ፊደላችን አያሳየውም፤ ስለዚህ ምላስ ራሱ ማወቅ አለበት። እኔ ለተማሪዎቼ የሠራኋትን እነሆ፦ «ሰፊው ሰፊ ሱሪ ሰፋ»። የልብስ ሰፊው «ፊ» ይላላል፤ የሱሪው ስፋት «ፊ» ይጠብቃል፤ የመጨረሻው «ፋ»ም ይጠብቃል። «ገና ገና ነው»ም አለች። በዓሉ ይጠብቃል፤ አልደረሰም የሚለው ይላላል። የዜና አንባቢም የመድረክ ተዋናይም እዚህ ላይ ከተሳሳተ አድማጩ ወዲያው ይነቃበታል።

ብቻ መጀመሪያ ላይ አያጣድፏት። ቀስ ብላ አጥርታ ትበለው፤ ፍጥነቱ ይደርሳል። ምላስ ሲጣደፍ መጥበቅ ያለበት ሁሉ ይላላል።