የጃፓናዊውን ተዋናይ የታካሺ ሺሙራን ፊልሞች ከየት ልጀምር ላልከው

ወንድሜ፣ «ተዋናዩን ሚፉኔን ጨርሻለሁ፣ አሁን ሺሙራን ልከታተል ነው፤ ከየት ልጀምር? ከ1954 በኋላስ የት ጠፋ?» ብለሃል። አልጠፋም። ዳይሬክተሩ ኩሮሳዋ ዘንድ ብቻ ስለፈለግከው ነው፤ ያየኸውም ቅጂ የተቆረጠው ሳይሆን አይቀርም።

1. ከመክፈትህ በፊት ደቂቃውን እይ። ፊልም ለውጭ ገበያ ሲያጥር መቀሱ ቀድሞ የሚያርፈው ረዳት ተዋናዩ ላይ ነው። «ካጌሙሻ» (1980) ጃፓን ውስጥ 180 ደቂቃ ነው፤ ወደ ውጭ የወጣው 162። ኩሮሳዋ የ75 ዓመቱን ሽማግሌ አስቦ የጻፈለት ክፍል ከተጣለው ውስጥ ነው፤ አጭሩን ያየ ሰው ሺሙራ መኖሩንም አያውቅም። «ሰባቱ ሳሙራይ»ም 207 ካልሆነ ተወው።

2. «ጎጂራ» (ጎድዚላ) የ1954ቱ፣ 96 ደቂቃው ብቻ! የ1956ቱ የአሜሪካ ቅጂ 80 ደቂቃ ሲሆን አሜሪካዊውን ተዋናይ ሬይመንድ በርን ጋዜጠኛ አድርጎ መሀል ሰክቶበታል። የሺሙራ ዶክተር ያማኔ አውሬው ይጠና እንጂ አይገደል ባይ ነው፤ መጨረሻ ላይ የኑክሌር ሙከራው ከቀጠለ ሌላ ጎጂራ እንደሚመጣ ያስጠነቅቃል። አሜሪካኖቹ ይህን አውጥተው የዚያን ጋዜጠኛ የተስፋ ንግግር ተኩበት። ከዚህ የባሰ ድፍረት አላውቅም።

3. ጅማሬህ «የባዘነ ውሻ» (1949) ይሁን። ሚፉኔ ሽጉጡ የተሰረቀበት ጀማሪ መርማሪ፣ ሺሙራ አንጋፋው ሳቶ ነው። ተጠርጣሪዋን ሲመረምር አይጮህም፤ አይስክሬም አብሯት እየበላ፣ ሲጋራ እየሰጠ ያናግራታል። ሚፉኔ ሲናገር አንተ የሚሰማውን ሺሙራን እይ። ቀጥሎ «ራሾሞን» ላይ እንጨት ቆራጩን፣ ከዚያ «ሰባቱ ሳሙራይ» ላይ የሳሙራዮቹን መሪ ካምቤይን፤ ራሱን ከተላጨ በኋላ መላጣውን የሚዳብስበትን እጁን ተከታተል፣ ብዙ ይናገራል።

ከ1954 በኋላ ያለው ደግሞ ሁለት መንገድ ነው። ኩሮሳዋ ዘንድ ሚናው እያነሰ ሄደ፦ «ዮጂምቦ» (1961) ላይ የሳኬ ነጋዴ፣ «ሳንጁሮ» (1962) ላይ ከሴረኞቹ አንዱ። ያው የፊልም ኩባንያ ቶሆ ግን በ«ጎጂራ» ዳይሬክተር በኢሺሮ ሆንዳ ፊልሞች ይፈልገው ነበር፦ «ሚስጥረኞቹ» (1957) ላይ ሳይንቲስት፣ «ሞስራ» (1961) ላይ የጋዜጣ አዘጋጅ፣ «ጊዶራ» (1964) ላይ ሐኪም። ሰው የአውሬ ፊልም ብሎ ይንቃቸዋል፤ ወሬው የሚታመነው ግን እሱ ፊቱን ሳያቃልል ስለሚናገረው ነው።

«ኢኪሩ»ን (1952፣ 143 ደቂቃ) መጨረሻ ላይ እየው፤ እዚያ መሪ ተዋናዩ እሱ ነው። ግን ባለታሪኩ ፊልሙ ሳያልቅ ይሞታል፤ ቀሪው ለቅሶ ቤት ነው፣ ባልደረቦቹ ሲከራከሩበት እሱ በትዝታ ብልጭ እያለ ብቻ ይታያል። ሰለቸኝ ብለህ እንዳታሳልፈው።